ጨዋ የሚለው ቃልና የጦር ሠፈሩ

አንባቢ ሆይ፤ በመሥሪያ ቤትዎ አንድ ትሑት ጸሐፊ ሲመሰገን «ጨዋ ሰው ነው» ይባላል። በቤተ ክህነት ግን ይኸው ቃል ክህነትና ትምህርት የሌለውን ሰው ያመለክታል። አንድ ቃል ምስጋናም ነቀፌታም ሊሆን የቻለበት ምክንያት የሚገኘው ከጦር ሠፈር ነው።

እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ከ1434 እስከ 1468 የነገሡት ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ የመጨረሻ ዘመናቸውን በደብረ ብርሃን ከተማ አሳለፉ። ነገሥታት በድንኳን ከአገር ወደ አገር በሚዘዋወሩበት ጊዜ ይህን ያህል መርጋት እንግዳ ነገር ነበረ። ንጉሥ ሲረጋ ጠረፉን የሚጠብቅለት ያሻዋልና በየአውራጃው ቋሚ ጭፍራ አሠፈሩ። ታሪከ ነገሥታቸው ይህን ጭፍራ «ጨዋ» ይለዋል። ዛሬ ሬጅመንት ከምንለው ጋር ይቀራረባል፤ ነገር ግን ደመወዙ መሬት ነበረ፤ ቀለቡንም የሚያወጣው ገባሩ ነው።

በግእዝ «ፄዋ» ምርኮ ማለት ነው፤ የባቢሎንም ምርኮ «ፄዋዌ» ይባላል። ሊቃውንት ጨዋን ከዚህ ያዛምዱታል። ዘመድና ርስት የሌለው ምርኮኛ ከንጉሡ በቀር ጌታ ስለሌለው ለጠረፍ ጥበቃ የታመነ ሳይሆን አይቀርም።

ጭፍራዎቹ የየራሳቸው ስም ነበራቸው። በብዙዎቹም ላይ ዛሬ በጃንሆይና በጃንሜዳ የምናውቀው «ጃን» ይገኛል። ከዶባ ሕዝብ ጋር በሚያዋስነው ጠረፍ የነበረው ጭፍራ ጃን አሞራ ይባል ነበር። ዛሬ ጃን አሞራ በሰሜን ተራሮች የሚገኝ የአንድ ወረዳ ስም ነው።

በ1520ዎቹ የመጣው ፖርቱጋላዊ ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝም ቃሉን የጻፈው ለጦረኛ ሰው ነው። ታዲያ ወታደሩ እንዴት ትሑት ሆነ? እኔ እንደሚመስለኝ መሬቱ አደረገው። የምርኮኛው ልጅ ወታደር፣ የልጅ ልጁ ባለ ጉልት ሆነ። ገበሬው ወደ ላይ አይቶ «የጨዋ ልጅ» አለው፤ ደብተራው ወደ ታች አይቶ ያልተማረ ሲል ጨዋ አለው። ስለዚህ አሮጌ መዝገብ የሚያገላብጥ ጸሐፊ ጨዋ በአንድ አገር ሠፈረ የሚል ቢያገኝ፣ መልካም ሰዎች መጡ ብሎ እንዳይተረጉም። ለገባሩ የመጣበት ሌላ ነው።

ከደብረ ብርሃን በስተ ምሥራቅ፣ በአንኮበር፣ የከበረው ቃል «አዝማች» ነበረ። የሸዋው አስፋ ወሰን መርዕድ አዝማች ተባሉ፤ ልጃቸው ወሰን ሰገድ ራስ፣ የልጅ ልጃቸው ሣህለ ሥላሴ ንጉሥ እስኪባሉ ድረስ የሸዋ ገዥ ማዕረግ የዘመቻ ማዕረግ ነበረ። ቀኝ አዝማች፣ ግራ አዝማች፣ ፊታውራሪ የሚሉት የሰልፉን ቦታ ሲያሳዩ፣ ደጃዝማች የደጁን ያሳያል። እነዚህ ማዕረጎች ከ1966 ዓ.ም. አብዮት በኋላ ቀርተዋል።

«ሻለቃ» ግን ቆየ። ሺህ አለቃ ማለት ነው፤ ዛሬ የሰውየውም የጭፍራውም ስም ነው። በ1943 ዓ.ም. ወደ ኮርያ የዘመተው ቃኘው ሻለቃ ስሙን የወሰደው ከራስ መኰንን የፈረስ ስም ነው። የጥንቱ ጭፍራ በአሞራ፣ የኮርያው በፈረስ ተጠራ።