የሚቸኩል ገንዘብና የሚዘገይ ምርመራ፤ የወታደር ሠፈሮች ግንባታና የሒሳብ ቁጥጥር በአሜሪካ

የመንግሥት ሒሳብ መርማሪ በተለመደው ጊዜ የሚያነሣቸው ጥያቄዎች የታወቁ ናቸው። ገንዘቡ በሕግ ተፈቅዷልን? ለተፈቀደለት ሥራ ውሏልን? ማስረጃውስ ተሟልቷልን? ሥራ አጥነት በተስፋፋበትና ገበያ በቀዘቀዘበት ዘመን ግን በእነዚህ ላይ አራተኛ ጥያቄ ይጨመራል፤ ይኸውም ገንዘቡ በፍጥነት ወጥቷልን? የሚለው ነው። ይህ አራተኛው ጥያቄ ከፊተኞቹ ሦስት ጋር ዘወትር አይስማማም። ኢኮኖሚን ለማነቃቃት የተመደበ ገንዘብ ለዓመታት እየተጠና ቢቀመጥ ሥራ ፈላጊው ከደጅ ቆሞ ይቀራል፤ ሳይጠና ቢወጣ ደግሞ ቤቱ ተሠርቶ ጣሪያው ያፈሳል፣ ወይም ጨርሶ የማያስፈልግ ቤት ይሠራል።

ይህ ግጭት ጎልቶ ከታየባቸው ቦታዎች አንዱ የአሜሪካ የወታደር መኖሪያዎችና ሠፈሮች ግንባታ ነው። ምክንያቱም ግልጽ ነው። ጦር ኃይሉ መሬት አለው፤ ለግንባታ ቦታ መግዛት ወይም ከባለርስት ጋር መከራከር አያሻውም። ከዓመት ዓመት ሲንከባለሉ የቆዩ የጥገና ጥያቄዎችም በየሠፈሩ መሳቢያ ውስጥ ተደራርበው ይገኛሉ። ስለዚህ መንግሥት ገንዘብ ወደ ግንባታ በቶሎ እንዲፈስ በፈለገ ቁጥር የወታደር ሠፈር ቅርብ ሆኖ ይገኛል። (ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዘመናት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

የመጀመሪያው ትልቅ ፈተና በ1933 ደረሰ። ኮንግሬስ በዚያ ዓመት በሰኔ ወር ባወጣው ሕግ ለሕዝባዊ ሥራዎች 3.3 ቢሊዮን ዶላር ፈቀደ፤ የገንዘቡም አስተዳደር ለውስጥ ጉዳይ ሚኒስትሩ ለሃሮልድ ኢክስ ተሰጠ። ከዚህ ገንዘብ የባሕር ኃይሉ 238 ሚሊዮን ዶላር ለመርከብ ሥራ ሲያገኝ፣ ዮርክታውንና ኤንተርፕራይዝ የተባሉት ሁለት አውሮፕላን ተሸካሚ መርከቦች የተጀመሩት በዚሁ የሥራ አጥነት ማቃለያ ገንዘብ ነበር። የምድር ጦሩም በየሠፈሩ የመኖሪያ ቤትና ልዩ ልዩ ሕንጻ ሠራበት።

ኢክስ ጥንቁቅ ሰው ነበር። በመንግሥት ገንዘብ ዙሪያ የሚያንዣብበውን የፖለቲካ ሰውና የሥራ ተቋራጭ ሽርክና ከቺካጎ ሕይወቱ ጀምሮ ያውቀዋል። በዚህም የተነሣ ውሎችን አንድ በአንድ ሊያይ ፈለገ፤ ሥራው ከመጀመሩ በፊትም ሆነ በሂደት ላይ ሳለ የሚመረምር ክፍል አቋቋመ። በዚያ ሁሉ ገንዘብ ላይ ከባድ የሙስና ነውር ሳይነሣ መቅረቱ ብዙውን ጊዜ በምስጋና ይነገርለታል። ይሁን እንጂ የጥንቃቄው ዋጋ ሌላ ሰው የከፈለው ነበር። የ1933 ክረምት ሲቃረብ ከገንዘቡ የወጣው ጥቂት በመሆኑ፣ ፕሬዚዳንት ሩዝቬልት በኅዳር ወር ሌላ ድርጅት አቁመው ለሃሪ ሆፕኪንስ ሰጡ። ሆፕኪንስ እስከ ጥር 1934 ድረስ ከአራት ሚሊዮን የሚበልጥ ሰው ሥራ አስያዘ። በዚያ ጥድፊያ የተሠራው ሥራ ሁሉ በደንብ ታቅዶ ነበር ብሎ የሚከራከር የለም፤ ሰው ግን ክረምቱን በልቶ አደረ። ሒሳብ መርማሪ ስለ ኢክስ ሲያወድስ ይህን ሁለተኛውን ገጽ ማንበብ አለበት።

በዚያው ዘመን የአጠቃላይ ሒሳብ መሥሪያ ቤቱ አካሄድ ከሁለቱም የተለየ ነበር። በ1921 በወጣው የበጀትና የሒሳብ ሕግ የተቋቋመው ይህ መሥሪያ ቤት፣ በመጀመሪያው ዋና ተቆጣጣሪ በጆን ማካርል እጅ እስከ 1936 ቆየ። ማካርል የሚሠራው በሰነድ ነበር። የክፍያ ሰነዶች ወደ ዋሽንግተን ይመጣሉ፤ ጸሐፊዎች ቁጥሩንና የሕጉን አንቀጽ ያስተያያሉ፤ ያልተስማማው ይመለሳል። በዚህ አሠራር ለአንድ የወታደር ሠፈር የተገዛው ሚስማር ዋጋ በትክክል ሊታወቅ ይችላል። ሠፈሩ በተገቢው ቦታ መሠራቱ፣ ወይም ከነአካቴው ማስፈለጉ ግን ከሰነዱ አይነበብም።

ከዚህ ቀጥሎ የመጣው ጥድፊያ ከሥራ አጥነት ሳይሆን ከጦርነት ሥጋት የተነሣ ስለሆነ የማነቃቂያ ወጪ ሊባል አይችልም። ለሒሳብ መርማሪው ግን ችግሩ አንድ ነው። በመስከረም 1940 የብሔራዊ ውትድርና ሕግ ሲጸድቅ፣ ለሚመለመለው እጅግ ብዙ ሰው በጥቂት ወራት ውስጥ ማደሪያ መሥራት ግድ ሆነ። ዕቅድ እስኪዘጋጅና ጨረታ እስኪወጣ መጠበቅ ስለማይቻል፣ ብዙው ሥራ የተሰጠው ወጪው ተሸፍኖ የተወሰነ ክፍያ በሚታከልበት ውል ነበር። በእንዲህ ያለው ውል ሥራ ተቋራጩ ያወጣውን ሁሉ ከመንግሥት ያገኛል፤ ትርፉም አስቀድሞ በተገመተው ዋጋ ላይ ተመሥርቶ ይወሰንለታል። ወጪ በመጨመሩ በቀጥታ አያተርፍም፤ ወጪ በመቆጠቡም የሚያገኘው ነገር የለም። እንዲያውም ለሥራው በተከራዩ መሣሪያዎች ላይ የተከፈለው ኪራይ ከመሣሪያው ዋጋ ጋር የተስተካከለበት ጊዜ ነበር።

የሚዙሪው ሴናተር ሃሪ ትሩማን በ1941 መጀመሪያ ላይ በገዛ መኪናው ተነሥቶ፣ በአገሩ የሚሠራውን ፎርት ሌናርድ ዉድን ጨምሮ የተለያዩ ሠፈሮችን ጎበኘ። ያየው በሜዳ የተበተነ ቁሳቁስና ሥራ ፈትቶ የቆመ ሠራተኛ ነበር። በየካቲት ወር ጉዳዩን ለሕግ መወሰኛው ምክር ቤት አቀረበ፤ በመጋቢት 1 ቀንም በእርሱ ሰብሳቢነት ልዩ ኮሚቴ ተቋቋመ። የተፈቀደለት በጀት 15,000 ዶላር ብቻ ነበር፤ ይህም በሚመረምረው ወጪ አጠገብ ሲታይ ከምንም የማይቆጠር ነው። ትሩማን ከመጀመሪያው የዓለም ጦርነት በኋላ የተደረጉትን በርካታ ምርመራዎች አይቶ ነበር። እነዚያ ሁሉ የመጡት ገንዘቡ ካለቀ በኋላ ስለነበረ፣ ወቀሳ እንጂ ቁጠባ አላስገኙም። የእርሱ ኮሚቴ ግን ሥራው ሳያልቅ ለመድረስ ተነሣ፤ ስለ ሠፈሮቹ ግንባታም በዚያው ዓመት በነሐሴ ሪፖርቱን አወጣ። በታኅሣሥ 1941 የጦር ሠራዊቱ ግንባታ ከቀለብና ንብረት ክፍሉ ተወስዶ ለመሐንዲሶች ክፍል ተሰጠ። ለዚህ ውሳኔ ሌሎች ምክንያቶችም ቢኖሩ፣ የኮሚቴው ወቀሳ ድርሻ አልነበረውም ማለት አይቻልም።

ከጦርነቱ በኋላ ስለተሠሩት የወታደር ቤተሰብ መኖሪያዎች ብዙ ማለት አያስፈልግም። በ1949 በሴናተር ዌሪ ስም የተጠራው ሕግ፣ የግል ሥራ ተቋራጮች በመንግሥት ዋስትና ተበድረው በወታደር ይዞታ ላይ የኪራይ ቤት እንዲሠሩ ፈቀደ። በዚያን ጊዜ በመንግሥት ዋስትና በሚሠሩ የኪራይ ቤቶች ዘርፍ፣ ቤቱ ከፈጀው በላይ ተበድረው ልዩነቱን በኪሳቸው ያስቀሩ ሰዎች እንደነበሩ በ1954 የተደረገው የሕግ መወሰኛ ምክር ቤት ምርመራ አጋለጠ። ምርመራውን የመሩት ሴናተር ኬፕሃርት በቀጣዩ ዓመት በስማቸው የተጠራ ሌላ የወታደር ቤቶች ሕግ አወጡ። ብድር በመንግሥት መዝገብ ላይ እንደ ወጪ ስለማይታይ፣ ምርመራውም ዘግይቶ መምጣቱ አያስደንቅም።

በመካከሉ ሙያው ራሱ ተለወጠ። የ1950ው ሕግ ሰነዶችን ሁሉ ወደ ዋሽንግተን የማምጣቱን ልማድ አስቀርቶ፣ መርማሪው ወደ መሥሪያ ቤቶቹ ሄዶ አሠራራቸውን እንዲያይ መንገድ ከፈተ። በ1978 የዋና ኢንስፔክተሮች ሕግ ወጣ። የመከላከያ ሚኒስቴር ግን የራሱን ዋና ኢንስፔክተር ያገኘው በ1982 ነው።

ይህ ሁሉ ዝግጅት የተፈተነው በ2009 ነበር። በየካቲት 17 ቀን ፕሬዚዳንት ኦባማ በዴንቨር ከተማ የፈረሙት የኢኮኖሚ ማገገሚያ ሕግ በጊዜው 787 ቢሊዮን ዶላር ተገምቶ ነበር። ከዚህ ውስጥ የመከላከያ ሚኒስቴር ድርሻ ወደ 7.4 ቢሊዮን ዶላር፣ ማለትም ከመቶ አንድ እጅ እንኳ የማይሞላ ነው። የሚበዛው፣ ከ4.2 ቢሊዮን ዶላር በላይ የሚሆነው፣ ለነባር ሕንጻዎች ጥገናና እድሳት ተመደበ። ለአዲስ ግንባታ ከተፈቀደው መካከል ለወታደር ማደሪያዎች፣ ለመዋእለ ሕፃናትና ለቁስለኞች ማገገሚያ የተለየው ገንዘብ ይገኝበታል። ትልቁ ግን 1.33 ቢሊዮን ዶላር የተያዘለት የሆስፒታሎች ግንባታ ነበር፤ በካሊፎርኒያ ካምፕ ፔንድልተንና በቴክሳስ ፎርት ሁድ የቆሙት አዳዲስ ሆስፒታሎች ከዚህ የመጡ ናቸው።

ሕጉ የጊዜ ገደብ ነበረው። የጥገናው ገንዘብ እስከ መስከረም 30 ቀን 2010፣ የአዲስ ግንባታው ደግሞ እስከ መስከረም 30 ቀን 2013 ድረስ በውል ካልታሰረ ይቃጠላል። በሌላ በኩል የቁጥጥሩ ገንዘብ እንደ ቀድሞው ጊዜ በኋላ የሚታሰብ አልነበረም። ለመከላከያው ዋና ኢንስፔክተር 15 ሚሊዮን ዶላር በዚያው ሕግ ተሰጠ። የዋና ኢንስፔክተሮችን ሥራ የሚያስተባብር ቦርድም በ84 ሚሊዮን ዶላር ተቋቋመ፤ ሰብሳቢው ኤርል ዴቫኒ በሙያው መርማሪ ነበር። የትሩማንን 15,000 ዶላር ያስታወሰ ሰው ዘመኑ ምን ያህል እንደተለወጠ ከዚህ ይረዳል።

በሺህ የሚቆጠሩ ሥራዎች በሁሉም ክፍለ ግዛቶች ተበትነው ሳለ የትኛው ይመረመር? ዋና ኢንስፔክተሩ የተከተለው ዘዴ ለሙያው ሰው ትምህርት ያለው ነው። ልምድ ያላቸው ኦዲተሮች ስለ አደጋው የሚሰጡትን ግምት በቁጥር አስፍሮ ከሌሎች መለኪያዎች ጋር በማዋሃድ ሥራዎቹን በአደጋ ደረጃ አስቀመጣቸው፤ ከፍተኛ አደጋ ያለባቸው 83 ፕሮጄክቶችም ተመረጡ። እያንዳንዱ ሥራ በአራት ምዕራፍ ታየ፤ በዕቅዱ፣ በገንዘብ አመዳደቡ፣ በአፈጻጸሙና በክትትሉ። የጦር ክፍሎቹ የራሳቸው የኦዲት መሥሪያ ቤቶችም ድርሻቸውን ወሰዱ። ዘዴው የተለመደው የስታቲስቲክስ ናሙና አልነበረም፤ መሥሪያ ቤቱም በየሪፖርቱ የተገኘው ውጤት ወደ ሌሎች ፕሮጄክቶች ሊተላለፍ እንደማይችል በግልጽ ጽፏል። ቅንነት ነው፤ ግን ዋጋ አለው። አደጋ ያለበትን የፈለገ ሰው ስለ ጠቅላላው ገንዘብ በመቶ ይህን ያህሉ በደህና ወጣ ብሎ ለሕዝብ መናገር አይችልም።

የተገኘው ጥፋት በአብዛኛው ስርቆት አልነበረም። የወጪ ግምቱን የሚደግፍ ሰነድ በፋይል ውስጥ አለመገኘቱ፣ የአዋጭነት ጥናት አለመሟላቱ፣ ወይም ሥራው ለምን እንደተመረጠ አለመጻፉ ነበር የሚደጋገመው። መሳቢያ ውስጥ ተቀምጦ የነበረው ዝርዝር ዝግጁ ዕቅድ ሳይሆን ምኞት እንደነበረ የታወቀው በዚህ ጊዜ ነው። በጊዜው ባለሥልጣናት ሁሉ የሚደጋግሙት፣ አካፋው የሚጠብቀው ትእዛዝ ብቻ ነው የሚል አነጋገር በብዙ ቦታ ከወረቀቱ ጋር አልተስማማም።

ደግሞም ያልተጠበቀ ነገር መጣ። ግንባታ ስለቀዘቀዘ ሥራ ተቋራጮች ተርበው ነበርና የጨረታ ዋጋቸው በብዙ ሥራ ላይ ከግምቱ በታች ሆነ። በዚህ የተረፈው ገንዘብ ለተጨማሪ ሥራዎች ዋለ። ላይ ላዩን ሲታይ መልካም ዜና ነው። ነገር ግን ከትርፉ የተመረጡት ሥራዎች ለመጨረሻው ቀን ይበልጥ የቀረቡ ነበሩ፤ በዝርዝሩም ከመጀመሪያዎቹ ቀጥለው የተቀመጡ ናቸው። ከዚህም በላይ ዋጋው እጅግ የወረደበት ሥራ ሲገጥመው ኦዲተሩ ገበያው ረክሶ ነው ወይስ ግምቱ ከመነሻው ስሕተት ነበር ብሎ መጠየቅ አለበት፤ ግምቱን የሚደግፍ ሰነድ ከሌለ መልሱን የሚያገኝበት መንገድ የለውም።

ስለ ሥራ ፈጠራው ቁጥርም ጥቂት ቃል ይገባል። ሕጉ ገንዘብ የተቀበለ ሁሉ በየሦስት ወሩ ስንት ሰው እንዳሠራ እንዲያስታውቅ ያዛል። በጥቅምት 2009 የወጣው የመጀመሪያው ድምር 640,000 ገደማ ነበር። ጥቂት ሳምንታት ሳይቆይ ጋዜጠኞች በመዝገቡ ውስጥ ጨርሶ የሌሉ የምርጫ ወረዳዎችን አገኙ። ገንዘቡ አልጠፋም፤ ሪፖርት አቅራቢው የወረዳውን ቁጥር አሳስቶ ነበር። ሕዝብ ግን ይህን ልዩነት እንዲያይ መጠበቅ ይከብዳል። ስንት ቢሊዮን በትክክል ወጥቶ፣ በአንድ የተሳሳተ የወረዳ ቁጥር እምነት ይናጋል።

ከሪፖርቶቹ ሁሉ ሁለቱ በመስከረም 2011 የወጡ ናቸው። የመጀመሪያው፣ የወሩ 22ኛ ቀን የተጻፈበት፣ የባሕር ኃይሉ ከማገገሚያው ገንዘብ ወደ 50 ሚሊዮን ዶላር ያወጣባቸው የፀሐይ ኃይል ማመንጫዎች አዋጭ እንዳልሆኑ ይናገራል፤ ከወጪው የሚመለሰው ግማሽ ያህሉ ብቻ ነበር። ሁለተኛው በአላስካ ጠረፍ በሚገኙ የራዳር ጣቢያዎች ሊተከሉ የታሰቡት የነፋስ ተርባይኖች በበቂ ሁኔታ አለመታቀዳቸውን ይገልጻል፤ በዚያ ሩቅና በረዷማ ቦታ ነዳጅ ማድረስ እጅግ ውድ ስለሆነ ሐሳቡ ራሱ የሚናቅ አልነበረም። የጎደለው ነፋሱን ለመለካት የሚያስፈልገው ጊዜ ነው፤ በሕጉ ውስጥ ደግሞ ያ ጊዜ አልነበረም። ሁለተኛው ሪፖርት የተፈረመው በመስከረም 30 ቀን፣ የጥገናው ገንዘብ ቀነ ገደብ ካለፈ ልክ በዓመቱ ነበር።