ገዳዩ አሻንጉሊት፦ ከቻኪ ፊልም እስከ ገዳሪፍ ድንበር

ልጅ እንዲያቅፈው የተሠራ አሻንጉሊት ነፍስ ዘርቶ ሰው ሲገድል ማሳየት የአስፈሪ ፊልሞች የታወቀ ስልት ነው። ከእነዚህ አሻንጉሊቶች እጅግ ስመ ጥሩ የሆነው ቻኪ ወደ ሲኒማ ከመጣ ከሠላሳ ዓመታት በላይ ተቆጥረዋል። ታሪኩ ልብ ወለድ ነው። ይሁን እንጂ መጫወቻ መስሎ ልጆችን የሚገድል ነገር በእውኑ ዓለምም አለ። ጦርነት በተመላለሰበት የምሥራቅ ሱዳንና የኢትዮጵያ ድንበር አካባቢ ይህ ነገር ያልፈነደ ተተኳሽ ይባላል። ፊልሙንና እውነታውን አንድ ጥያቄ ያገናኛቸዋል፦ ልጁ ያየውን ሲናገር የሚሰማው ማን ነው?

ቻኪ ማን ነው?

ቻኪ ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው እአአ በኅዳር 1988 በአሜሪካ ለዕይታ በበቃው «ቻይልድስ ፕሌይ» በተሰኘ ፊልም ነው። የታሪኩ ጠንሳሽ ዶን ማንቺኒ ሲሆን ዳይሬክተሩ ቶም ሆላንድ ነበር። ተዋናዩ ብራድ ዱሪፍ ደግሞ ለአሻንጉሊቱ ድምፁን ሰጥቷል።

በታሪኩ መሠረት ቻርልስ ሊ ሬይ የተባለ ነፍሰ ገዳይ በቺካጎ ከተማ ከፖሊስ ሲሸሽ በጥይት ይመታና ወደ አንድ የአሻንጉሊት መደብር ይገባል። ሊሞት ሲቃረብ በአስማት ነፍሱን ወደ አንድ አሻንጉሊት ያዛውራል። ልጇን ብቻዋን የምታሳድግ አንዲት እናት ለስድስተኛ ዓመት ልደቱ ይህንኑ አሻንጉሊት ከጎዳና ላይ አዟሪ በርካሽ ገዝታ ለልጇ ለአንዲ ታበረክትለታለች። ዕቃው ከየት እንደመጣ አታውቅም።

ብዙም ሳይቆይ ልጁን ትጠብቅ የነበረችው የእናቱ ጓደኛ ከፎቅ መስኮት ወድቃ ትሞታለች። አንዲ ቻኪ በሕይወት እንዳለና እንደሚያናግረው ይናገራል፤ የሚያምነው ግን አያገኝም። ፖሊስ ይጠረጥረዋል፤ በኋላም ወደ አእምሮ ሕክምና ተቋም ይወሰዳል። እናቱ እውነቱን የምትረዳው አሻንጉሊቱን ያንቀሳቅሳሉ የተባሉት ባትሪዎች ከነማሸጊያቸው ከካርቶኑ ሲወድቁ ነው። እስከዚያች ሰዓት ድረስ ሲናገር የከረመው አሻንጉሊት ባትሪ አልነበረውም። ቻኪ በበኩሉ ከልጁ የሚፈልገው አካሉን ነው፤ ሰው ሆኖ ለመኖር ነፍሱን ማንነቱን መጀመሪያ ወደገለጠለት ወደ አንዲ ማዛወር አለበት።

እስከ 2017 ድረስ የመጀመሪያውን ጨምሮ ሰባት ተከታታይ ፊልሞች ተሠርተዋል። በ2019 ታሪኩ በአዲስ መልክ የቀረበ ሲሆን ከ2021 እስከ 2024 ደግሞ በተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማነት ታይቷል። ቻኪ ግን የመጀመሪያው አልነበረም። በ1963 «ዘ ትዋይላይት ዞን» በተሰኘው የአሜሪካ የቴሌቪዥን ድራማ ቶኪ ቲና የተባለች ተናጋሪ አሻንጉሊት የቤቱን አባወራ ስታስፈራራ ታይታለች። ከቻኪ በኋላም በ2014 «አናቤል»፣ በ2022 ደግሞ በሰው ሠራሽ አስተውሎት የምትንቀሳቀሰዋ «ሜጋን» ለተመልካች ቀርበዋል።

ጭራቁ ከጫካ፣ አሻንጉሊቱ ከጓዳ

በኢትዮጵያ ተረቶች ልጅን የሚያስፈራው አያ ጅቦ ወይም ጭራቅ ነው። በሱዳን ተረቶች ደግሞ ፋጢማ የተባለችውን ውብ ልጃገረድ የሚያሳድደው ጉል፣ ከመቃብር ተነሥቶ የሚመጣው ባዓቲም አሉ። እነዚህ ሁሉ የሚመጡት ከውጭ ነው፦ ከጫካ፣ ከጨለማ ወይም ከመቃብር። ተረቱ ልጁን «ከቤት አትራቅ፤ ሲመሽ ግባ» ብሎ ያስጠነቅቃል። ቤት መጠጊያ ነው።

የገዳዩ አሻንጉሊት ታሪክ ይህን ሥርዓት ይገለብጠዋል። አደጋውን በር ከፍታ የምታስገባው እናት ናት፤ ልጁም አቅፎት ይተኛል። አንዲ የሚሸሽበት ቤት የለውም፤ ያለው መሣሪያ ቃሉ ብቻ ነው፤ እርሱም ሰሚ አጥቷል። ተመልካቹን የሚያስጨንቀው ከስለቱ ይልቅ ይህ የልጁ ብቸኝነት ነው።

ሕግ የከለከለው አሻንጉሊት

ፈንጂን በልጆች መጫወቻ ውስጥ መደበቅ በዓለም አቀፍ ሕግ በግልጽ የተከለከለ ተግባር ነው። ቻኪ ከመፈጠሩ ስምንት ዓመት ቀደም ብሎ፣ እአአ በ1980 የጸደቀውና ስለ ፈንጂዎችና ወጥመዶች የሚደነግገው ፕሮቶኮል ጉዳት የለሽ መስለው የሚዘጋጁ ተንቀሳቃሽ ወጥመዶችን ከልክሏል። ከልጆች መጫወቻ፣ ከምግብ፣ ከወጥ ቤት ዕቃና ከመቃብር ጋር የተያያዙ ወጥመዶችንም እንዲሁ። በ1996 የተሻሻለው ፕሮቶኮልም ክልከላውን አጽንቶታል።

ሆኖም አብዛኞቹን ልጆች የሚጎዳው ሆን ተብሎ አሻንጉሊት እንዲመስል የተሠራ መሣሪያ አይደለም። ሶቪየት ኅብረት በ1980ዎቹ አፍጋኒስታን ላይ ከአየር የበተነችው «ቢራቢሮ» የተሰኘ ትንሽ የፕላስቲክ ፈንጂ ለዚህ ምሳሌ ነው። ክንፍ መሰል ቅርጽ የተሰጠው ከአየር ሲለቀቅ እየተንሳፈፈ እንዲወርድ ነበር፤ መሬት ላይ ያገኙት ልጆች ግን መጫወቻ መስሏቸው አነሡት። በዚያው አገር በ2001 የአሜሪካ አውሮፕላኖች የጣሉት የዕርዳታ ምግብ እሽግና የክላስተር ቦምብ ፍንጣሪ ቦምቦች ሁለቱም ቢጫ ነበሩ። ሕዝቡ በሬዲዮ እንዲጠነቀቅ ተነገረው፤ በኋላም የምግቡ እሽግ ቀለም እንዲለወጥ ተደረገ።

በድንበሩ የተላለፉት ጦርነቶች

ገዳሪፍ በማሽላና በሰሊጥ እርሻዋ የታወቀች ናት። ከመተማ ዮሐንስ ጋር የምትዋሰነው ጋላባት በግዛቷ ውስጥ ትገኛለች። አካባቢው የጦር ሜዳ ሆኖ የቆየ ነው፤ በ1889 ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ ከመሐዲስቶች ጋር ሲዋጉ የወደቁት በመተማ ነው። በ1940 የእንግሊዝና የጣሊያን ጦር በጋላባት ተፋልመዋል። ከ1990ዎቹ ጀምሮ ደግሞ የሱዳን መንግሥትና ተቃዋሚዎቹ በምሥራቁ የአገሪቱ ክፍል ሲዋጉ ቆይተው በ2006 በአሥመራ የሰላም ስምምነት ተፈራርመዋል። ሱዳን የፀረ ሰው ፈንጂ እገዳ ስምምነትን በ2003፣ ኢትዮጵያ ደግሞ በ2004 አጽድቀዋል።

በኅዳር 2020 የትግራይ ጦርነት ሲቀሰቀስ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች በሐምዳይትና በሉግዲ በኩል ወደ ሱዳን ተሰደዱ። ብዙዎቹም በገዳሪፍ ግዛት በሚገኙት በኡም ራኩባና በቱናይድባ መጠለያዎች ሰፈሩ። በሚያዝያ 2023 ደግሞ ጦርነቱ ሱዳን ውስጥ ሆነ። ገዳሪፍ ከካርቱም፣ ከገዚራና ከሰናር የተፈናቀሉ ቤተሰቦች መጠጊያ ሆነች፤ በመተማ በኩልም ሱዳናውያን ወደ አማራ ክልል ተሻገሩ። ገዳሪፍ ከተማ ራሷም በ2024 በድሮን ተመትታለች።

የሱዳን ጦር በ2025 ካርቱምን መልሶ ከያዘ በኋላ ብዙ ቤተሰቦች ወደ ቀያቸው መመለስ ጀምረዋል። ለልጆች እጅግ አደገኛ ከሚባሉት ጊዜያት አንዱ ይህ ነው። ተኩሱ ቆሟል፤ ቤተሰቡ ደስ ብሎታል፤ በግቢው ፍርስራሽ ውስጥ የወደቀውን ግን ገና ያጣራው የለም።

ልጆች ለምን ያነሡታል?

በድንበሩ ገጠሮችም ሆነ በመጠለያዎች አብዛኛው መጫወቻ ከሱቅ አይገዛም። አሻንጉሊት ከጨርቅ ይሰፋል፤ መኪና ከሽቦና ከቆርቆሮ ይሠራል፤ ኳስም ከጨርቅና ከፌስታል ይጠቀለላል። የወደቀ ነገር ማንሣትና ወደ መጫወቻ መለወጥ የልጅ ብልሃት ነው። ከብት የሚጠብቁ፣ ውኃ የሚቀዱና ማገዶ የሚለቅሙ ልጆች አዋቂ ወደማይደርስበት ስፍራ ይሄዳሉ። ቁርጥራጭ ብረት እየሰበሰቡ በመሸጥ ቤተሰብ የሚያግዙም አሉ። በዚህ ዓይነት ኑሮ ውስጥ የሚያብረቀርቅ ብረት፣ ጥብጣብ የተንጠለጠለበት ትንሽ ቦምብ ወይም ድቡልቡል የእጅ ቦምብ ዓይን ይስባል።

ዓለም አቀፉ የፈንጂ ክትትል ሪፖርት እንደሚያሳየው በ2022 ዕድሜያቸው ከታወቀ ሰላማዊ ተጎጂዎች መካከል ግማሽ ያህሉ ልጆች ነበሩ። ልጅ አካሉ ትንሽ በመሆኑና ዕቃውን ወደ ደረቱና ወደ ፊቱ አስጠግቶ ስለሚመረምር ጉዳቱ ይከፋል። የተረፈውም ችግሩ አያበቃለትም፤ አካሉ እያደገ ሲሄድ ሰው ሠራሽ እግሩ ወይም እጁ በየጊዜው መለወጥ አለበት።

የልጁ ቃል ሲሰማ

የፈንጂ አደጋ ትምህርት መልእክት አጭር ነው፦ አትቅረብ፤ አትንካ፤ ለአዋቂ ተናገር። የማይታወቅ ነገር ያየ ልጅ ባለበት ይቆማል፤ ጓደኞቹን ያስጠነቅቃል፤ በመጣበት ዱካ ይመለሳል። ድንጋይ አይወረውርበትም፤ እሳት ውስጥም አይጨምረውም። ዝገት ወይም የዕድሜ ብዛት ፈንጂን አያከሽፍም፤ እንዲያውም ይበልጥ የማያስተማምን ሊያደርገው ይችላል።

የመጨረሻው ትእዛዝ የሚሠራው ግን አዋቂው ሲሰማ ብቻ ነው። አትሂድ በተባለበት ስፍራ የተጫወተ ወይም ከብቱን ከክልሉ ያሳለፈ ልጅ ቁጣን ፈርቶ ያየውን ሊደብቅ ይችላል። በዚህ ጊዜ በማግስቱ በዚያ የሚያልፈው ሌላ ልጅ ማስጠንቀቂያ አያገኝም። ስለዚህ ወላጅ፣ መምህርና የመጠለያ አስተባባሪ ልጁ መጥቶ ሲናገር በቅድሚያ ሊያመሰግኑት ይገባል፤ ለምን ወደዚያ እንደሄደ ግን በኋላ መጠየቅ ይቻላል። አዋቂውም ራሱ ሄዶ ዕቃውን አይነካም። ሰው ወደ ስፍራው እንዳይቀርብ ይከለክላል፤ ልጁ የነገረውን ቦታ ለአካባቢው አስተዳደር፣ ለፖሊስ ወይም ለፈንጂ አምካኝ ባለሙያዎች ያሳውቃል።