ማዕበልን የተከተለ ካሜራ

ሰርፊንግ የተባለው፣ በሳንቃ ላይ ቆሞ ማዕበል የመጋለብ ስፖርት፣ ከባሕር ርቆ በሚኖረው ሕዝብ ዘንድ እንዲታወቅ ካደረጉት ሰዎች አንዱ አሜሪካዊው ብሩስ ብራውን ነው። እ.ኤ.አ. በ1937 በሳን ፍራንሲስኮ የተወለደው ብራውን ራሱ ማዕበል ጋላቢ ነበር፤ የመጀመሪያ ፊልሙንም በ1958 አቀረበ።

በ1963 ማይክ ሂንሰንና ሮበርት ኦገስት የተባሉትን ወጣት ጋላቢዎች ይዞ፣ በጋን እየተከተለ ዓለምን ለመዞር ተነሣ። ከሴኔጋል፣ ከጋና፣ ከናይጄሪያና ከደቡብ አፍሪካ አልፎ እስከ አውስትራሊያ፣ ኒውዚላንድ፣ ታሂቲና ሃዋይ ተጓዘ። በ16 ሚሊሜትር ካሜራ ከቀረጸውም «ማለቂያ የሌለው በጋ» የተሰኘው ፊልም ተሠራ።

አከፋፋዮች ግን «ባሕር የማያውቅ ሕዝብ ይህን አያይም» በሚል ግምት አልተቀበሉትም። ብራውንም ከውቅያኖስ እጅግ በራቀችው፣ በካንሳስ ግዛት በምትገኘው በዊቺታ ከተማ፣ በብርዱ ወራት ፊልሙን አሳየ፤ ተመልካቹም ተሰልፎ ገባ። ከዚያም ቅጂውን ወደ 35 ሚሊሜትር አሳድጎ በኒውዮርክ አሳየው። በ1966 ፊልሙ በአገሪቱ ተሠራጨ።

ይሁን እንጂ ፊልሙ የጋናን ጠረፍ ለዚህ ስፖርት እንግዳ አድርጎ ማቅረቡ ስሕተት ነበር። ተጓዡ ጀምስ አሌክሳንደር በ1830ዎቹ ዓመታት የአክራ ልጆች ቀላል ሳንቃ ከሆዳቸው ሥር አድርገው ማዕበል ሲጋልቡ ማየቱን ጽፎ ነበር። በደቡብ አፍሪካም የአፓርታይድ ሕግ በጸናበት ዘመን ቢቀረጽም፣ ፊልሙ ይህን ጉዳይ በጥልቀት አላነሣውም።

ፊልሙ በ2002 በአሜሪካ ብሔራዊ የፊልም መዝገብ ገባ፤ ብራውን በ2017 አረፈ። ከሥራው ሁለት ትምህርት ይገኛል፤ ይኸውም ጥርጣሬን በሙከራ መመለስና፣ ለራስ አዲስ የሆነውን ሁሉ ለዓለም አዲስ ነው ከማለት መቆጠብ ነው።