ቃልና ፍሬ ነገሩ

አንድ ዓረፍተ ነገር በተነገረ ጊዜ እውነት ወይም ሐሰት የሚባለው ምኑ ነው? ከአንደበት የወጣው ድምፅ ነውን? በተናጋሪው ኅሊና ያደረው ሐሳብ ነውን? ወይስ ከሁለቱም የተለየ ሌላ ነገር አለ? የአመክንዮ ታሪክ ከሁለት ሺህ ዓመታት በላይ ሲመላለስበት የኖረው ጥያቄ ይኸው ነው።

አርስቶትል፣ ጸሎት ዓረፍተ ነገር ቢሆንም እውነትም ሐሰትም እንደማይባል በማስረዳት የአመክንዮን ድርሻ ለይቶ አስቀመጠ። ከእርሱ በኋላ የተነሡት የኢስጦኢክ ፈላስፎች ደግሞ ሦስት ነገሮችን ለዩ፤ እነዚህም ድምፁ፣ የሚነገርለት አካልና የሚነገረው ፍሬ ነገር ናቸው። ሴክስቱስ ኤምፒሪኩስ እንደ ዘገበው፣ ግሪክኛ የማያውቅ ባዕድ ድምፁን ይሰማል፤ የሚነገርለትንም ሰው በዓይኑ ያያል፤ ፍሬ ነገሩ ግን ያመልጠዋል። እንግዲህ ያመለጠው ነገር ድምፅም አካልም ሊሆን አይችልም።

በመካከለኛው ዘመን የፈረንሳዩ ሊቅ አቤላር ተመሳሳይ ልዩነት ቢያነሣም፣ ጥያቄው በኃይል የታደሰው በፕራግ ነው። ካህንና የሒሳብ ሊቅ የነበረው ቤርናርድ ቦልዛኖ እ.ኤ.አ. በ1819 በኦስትሪያው ንጉሠ ነገሥት ትእዛዝ ከዩኒቨርሲቲ መምህርነቱ ተወገደ። በ1837 በአራት ቅጽ በታተመው ታላቅ ሥራው ግን ፍሬ ነገር በራሱ የቆመ መሆኑን አስተማረ። ባለፈው ጸደይ በአንድ ዛፍ ላይ የፈኩት አበቦች፣ የቈጠራቸው ሰው ባይኖርም ቁጥራቸው የተወሰነ ነው። ከማስተማር የታገደ ሰው፣ እውነት ከማንም አንደበት ጋር እንደማትታሰር መጻፉ ልብ ሊባል ይገባዋል።

ጀርመናዊው ጎትሎብ ፍሬጌ በ1918 ባወጣው ድርሰት ይህን አጠናከረ። የፓይታጎረስ ሕግ የእያንዳንዱ ሰው የግል ስሜት ቢሆን ኖሮ፣ ሁለት ሰዎች ስለ አንድ ነገር ሊከራከሩ ባልቻሉም ነበር።

ሆኖም አሜሪካዊው ኳይን በ1960 ብርቱ ተቃውሞ አቀረበ። በሁለት ቋንቋዎች የተነገሩ ዓረፍተ ነገሮች አንድ ፍሬ ነገር መያዛቸው በምን ይለካል? መለኪያ የሌለውን ነገር አለ ማለት አይገባም፣ አለ። ተርጓሚ ሁሉ የሚያውቀው ችግር በዚህ ዓይነት የፈላስፋ ክስ ሆነ።

ክርክሩ እስከ ዛሬ አልተዘጋም። ያም ሆኖ የጥንቶቹ ትዝብት ለመምህሩም፣ ለከያኒውም፣ ለቀስቃሹም ይጠቅማል፤ ቃሉን አጥርቶ የደገመ ሁሉ ፍሬ ነገሩን ጨብጧል ማለት አይደለም።