ድልድል፦ ለማደሪያ መኪና የሚመች ቃል

«የካምፐር ቫን የውስጥ ክፍል አቀማመጥ ዕቅድ»። ይህን ሐረግ ባነበብሁ ቁጥር ይቆረቁረኛል፤ ስድስት ቃል ተሰልፎ አንዱም ነገሩን በቅጡ አይዝም። ነገሩስ የታወቀ ነው፦ የሚኒባስ ወንበር ይነቀልና አልጋው፣ ምድጃው፣ ውኃውና ጓዙ የት የት እንደሚሆን ይወሰናል። ቬስትፋሊያ የተባለው የጀርመን ድርጅት በ1951 እ.ኤ.አ. ለፎልክስቫገን ሚኒባስ ተነቃይ የጉዞ ዕቃ ሣጥን ከሠራ ወዲህ ብዙ አገር ለምዶታል።

የመኪናው ስም ብዙ አያስቸግርም። «የቤት መኪና» እንዳንል በአውቶሞቢል ተይዟል፤ «ማደሪያ መኪና» ይበቃዋል። ጭንቁ እንግሊዝኛው «ሌይአውት» የሚለው፣ የዕቃው አሰፋፈር ስም ላይ ነው። «አቀማመጥ» የሰውንም አቀማመጥ ስለሚያመለክት ያሻማል። «ንድፍ» ወረቀቱ ላይ ያለው ሥዕል ነው፤ አናጢው ጨርሶ ከሄደ በኋላ የሚኖረውን አይነግረንም። «አደረጃጀት» የመሥሪያ ቤት ቃል ነው።

እኔ «ድልድል» እላለሁ። ምሥራቅ ጎጃም፣ ደባይ ጥላትግን ውስጥ፣ ወደ ቁይ ገበያ ጤፍ በአህያ የሚያወርድ ገበሬ ጭነቱን ሳያደላድል አይነዳም፤ አንዱ ጎን ከከበደ ጭነቱ ይዞራል፣ የአህያዪቱም ጀርባ ይገጠባል። በማደሪያ መኪናም 20 ሊትር ውኃ 20 ኪሎ ነው፤ ጄሪካኑ ሁሉ በአንድ ጎን ከተደረደረ መኪናው ወደዚያው ያዘማል። ደለደለ ማለት ለእያንዳንዱ ቦታውን ሰጠ ማለትም ነው። ተደላደለ ሲባል ደግሞ ተመቻችቶ ተቀመጠ ነው። ክብደቱ፣ ቦታው፣ ምቾቱ ከአንድ ሥር ይወጣሉ። ይህን ያህል የሚሸከም ቃል እያለን የምን ልመና ነው?

«ድልድል የሠራተኛ ነው፣ የእግር ኳስ ምድብ ነው» የሚሉኝ አሉ። በሁለቱም ቦታ ቃሉ እያንዳንዱን በየስፍራው መመደብ ነው፤ ለእኛም የሚያስፈልገን ይኸው ነው።

የውስጡንም ዕቃ ስም ከጎጃም ቤት እናገኛለን። ቀን መቀመጫ፣ ሌሊት መኝታ የሚሆነው መደብ ነው፤ ከጣራው ሥር ያለው ቆጥ፣ ማብሰያው ጓዳ። አዲስ አበባ ውስጥ ተሳፋሪ ፊት ለፊት የሚቀመጥበትን ታክሲ «ውይይት» ያለው ሕዝብም ስም ለማውጣት ኮሚቴ አልጠበቀም።

«የማደሪያ መኪና ድልድል» ብለን እንጻፍ። ለአናጢውም «ደጋው ይበርዳል፤ መደቡን ከበሩ አርቀህ፣ ጓዳውን ከኋላ አድርገህ ደልድልልኝ» ብንለው አስተርጓሚ አይፈልግም።