አስታማሚ
አስታማሚ የታመመ፣ በዕድሜ የገፋ ወይም የአካል ጉዳት ያለበት ዘመዱን ያለ ክፍያ የሚንከባከብ ሰው ነው። ቃሉ «ታመመ» ከሚለው ግስ የመጣ ነው።

በኢትዮጵያ ሆስፒታል የተኛ ሕመምተኛ ብዙ ጊዜ አስታማሚ አይለየውም። አስታማሚው ምግብ ያመላልሳል፣ ያጥባል፣ መድኃኒት ይገዛል፣ አብሮም ያድራል። ሕመምተኛው ወደ ቤት ሲመለስም ሥራው አያበቃም፤ ስትሮክ ወይም የመርሳት በሽታ ሲሆን ለዓመታት ሊቀጥል ይችላል።

ሕመምተኛን ማንሳትና ማገላበጥ ለወገብ ሕመም ይዳርጋል። የእንቅልፍ እጦት፣ ጭንቀትና ድብርትም ይከተላሉ። ሥራ ወይም ትምህርት የሚያቋርጡ አስታማሚዎች ብዙ ናቸው። የዓለም ሥራ ድርጅት በ2018 እ.ኤ.አ. ባወጣው ዘገባ መሠረት፣ ክፍያ የሌለው የእንክብካቤና የቤት ውስጥ ሥራ 76.2 በመቶው የሚሠራው በሴቶች ነው።

የሕግ ድጋፉ እንደየአገሩ ይለያያል። በጀርመን በ1995 እ.ኤ.አ. የተጀመረው የእንክብካቤ መድን በቤቱ ለሚታገዝ ሰው ገንዘብ ይሰጣል፤ መስፈርቱን ለሚያሟላ አስታማሚም የጡረታ መዋጮ ይከፍላል። የኢትዮጵያ የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ደግሞ ለልዩና አሳሳቢ ሁኔታ እስከ 5 ተከታታይ ቀናት ያለ ክፍያ ፈቃድ ይሰጣል፤ ይህም በበጀት ዓመት ከሁለት ጊዜ አይበልጥም።