ምልከታ፦ ሥዕልን ለማየት የሚሆን ቃል

በቅርቡ አንድ አዳራሽ በር ላይ የተለጠፈ ማስታወቂያ አስቆመኝ። «የምስል ማንበብና መጻፍ ክህሎት እና የቅርብ እይታ ሥልጠና» ይላል። ቆሜ ሳነብ አንዲት እናት አጠገቤ ደረሱና ነጠላቸውን እያስተካከሉ «ልጄ፣ መነጽሩን በነፃ ነው የሚሰጡት?» ብለው ጠየቁኝ። ጥፋቱ የእሳቸው አይደለም። በአማርኛ «የቅርብ እይታ» ሲባል የምናስበው የዓይን ሐኪምን ነው። አዘጋጆቹ ሊሉ የፈለጉት ግን ሌላ ነበር፦ አንድ ሥዕል ፊት ቆሞ፣ ጊዜ ሰጥቶ፣ ከምንና እንዴት እንደተሠራ እስኪገባ ድረስ ማየትን ማስተማር። እንዲህ ያለ ቁም ነገር ይዘው መጥተው፣ ሊያስተምሩት የፈለጉትን ሰው በቃሉ ምክንያት ከበር ሊመልሱት ነበር።

ይህ ሐረግ አሁን በየሥልጠናው ወረቀት እየተዛመተ ነው። ሥር ሳይሰድ መነጋገር ይሻላል ብዬ ነው ይህን የምጽፈው።

ነገሩን ራሱን አብዛኛው አንባቢ ሳያውቀው አይቀርም፤ አንድ ምሳሌ ይበቃል። በሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲ የሥነ ጥበብ ታሪክ መምህር የሆኑት ጄኒፈር ሮበርትስ ተማሪዎቻቸውን አንድ ሥዕል ፊት ሦስት ሙሉ ሰዓት ያስቀምጣሉ። እሳቸውም ጆን ሲንግልተን ኮፕሊ እ.ኤ.አ. በ1765 የሣለውን፣ አንድ ልጅ ትንሽ ሽኮኮ በሰንሰለት ይዞ የሚታይበትን ሥዕል ቦስተን ውስጥ ተቀምጠው አይተዋል። የልጁ ጆሮ ቅርጽ በሽኮኮዋ ሆድ ጠጉር ላይ መደገሙን ለማየት 9 ደቂቃ ፈጀባቸው። ሰንሰለቱን የያዙት ጣቶች ስፋት ከሥር ካለው የውሃ ብርጭቆ ስፋት ጋር ልክ ለልክ መሆኑን ለማየት 21 ደቂቃ፣ ከበስተኋላ ያለው መጋረጃ እጥፋት የልጁን ጆሮና ዓይን ቅርጽ መያዙን ለማየት ደግሞ 45 ደቂቃ ሄደባቸው። ይህንን እ.ኤ.አ. በ2013 ጽፈውታል። ዓይን ሥዕሉ ላይ ማረፉ ብቻ አይበቃም፤ ያረፈበትን ነገር ለማግኘት ጊዜ ይፈልጋል። ስሙን የምንፈልግለት ልማድ ይኸው ነው።

እንግዲህ ወደ ቃላቱ። «የምስል ማንበብና መጻፍ» የሚለው ሁለት እንከን አለበት። አንደኛ፣ «ማንበብና መጻፍ» በአማርኛ የራሱ ታሪክ ያለው ሐረግ ነው። በሐምሌ 1971 ዓ.ም. የተጀመረውን የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ የሚያስታውስ ሰው ቃሉን ሲሰማ የሚመጣበት ጥቁር ሰሌዳ፣ ጠመኔና ፊደል የሚቆጥር ጎልማሳ ነው። ሁለተኛ፣ ምስል ሥዕል አይደለም። ምስል «መሰለ» ከሚለው ግስ የወጣ ነው፤ አንድን ነገር የሚመስል ሁሉ፣ ፎቶግራፍም ጥላም፣ ምስል ይባላል። ሥዕል ግን «ሠዐለ» ከሚለው የግእዝ ግስ የመጣ የእጅ ሥራ ነው። ገብረ ክርስቶስ ደስታ በ1950ዎቹ ረቂቅ ሥዕሎቹን ለአዲስ አበባ ሰው ሲያሳይ ብዙዎችን ግራ ያጋባው ይኸው ነበር፦ ሥዕሎቹ የለመድነውን ነገር አይመስሉም። ምስል አልነበሩም፤ ሥዕል ግን ነበሩ። ሁለቱን ቃላት ያቀላቀለ ሰው ያን ጊዜ የነበረውን ክርክር በሙሉ ያጣዋል።

በማስታወቂያው ግርጌ ደግሞ «ስእል» ተብሎ ተጽፏል። ፊደሉን እንዳሻን ብንለዋውጠው ምን ችግር አለው የሚል ይኖራል። በግእዝ ግን «ሰአለ» ማለት ለመነ ማለት ነው፤ ስእለት የሚመጣው ከዚያ ነው። በሠ እና በዐ ሲጻፍ ሥራው ይታወቃል፤ በሰ እና በአ ሲጻፍ ልመና ይሆናል።

«የቅርብ እይታ» የሚለውን እናቲቱ ፈርደውበታል፤ እኔ አንድ ነገር ብቻ ልጨምር። አማርኛ የጥንቃቄን ነገር በርቀት አይለካም። ሰው «ትኩር ብሎ አየው» እንላለን፣ «ልብ ብሎ አየው» እንላለን፣ «አስተውሎ አየው» እንላለን። ከእነዚህ በአንዱም ውስጥ ቅርብና ሩቅ የለም። ቋንቋው በዚህ በኩል ባዶ ሆኖ የባዕድ ሐረግ እንዲሞላው የሚጠብቅ ይመስል፣ ቃል በቃል ገልብጦ ማምጣቱ አሳዛኝ ነው።

ከተሻሉት ተፎካካሪዎች አንዱ «ሥዕል ንባብ» ነው። የማከብረው ሐሳብ ነው። በግእዝ ነበበ ማለት ተናገረ፣ አንበበ ደግሞ አነበበ ነው፤ ስለዚህ ንባብ በውስጡ ድምፅ አለው፤ ዝም ያለውን ማናገር ነው። ሆኖም ንባብ ከመጀመሪያው መስመር ተነሥቶ ወደ መጨረሻው የሚሄድ ነው፤ ሥዕል ግን መነሻና መድረሻ የለውም፤ ዓይን ከፈለገበት ይገባል። ከዚያም በላይ ንባብ ወደ ስም ያቻኩላል። ነጭ ፈረስና ጦር ስናይ «ቅዱስ ጊዮርጊስ ነው» ብለን አንብበን እንጨርሳለን፤ የፈረሱ እግር በስንት የብሩሽ መስመር እንደቆመ ሳናይ እንሄዳለን።

«ሥዕል መፍታት» የሚሉም አሉ፤ ከቅኔና ከሕልም የተወሰደ ነው። የተፈታ ነገር ግን ቋጠሮው ይጠፋል። ሕልም ከተፈታ በኋላ የሚቀረው ፍቺው ነው፤ ሥዕል ግን ከገባንም በኋላ ተመልሰን የምናየው እሱኑ ነው። «ማስተዋል»ም ቀርቦ ነበር፤ ይህ ግን ለአንድ ሙያ ሰፊ ነው። አስተዋይ ስንል የሰውን ጠባይ ሙሉውን እናመሰግናለን እንጂ በሁለት ሰዓት ሥልጠና የሚገኝ ነገር አንልም።

የእኔ ምርጫ «የሥዕል ምልከታ» ነው።

ምክንያቴ ሥሩ ነው። ተመለከተ፣ አመለከተ፣ ምልክት፦ ሦስቱም በመ፣ ለ፣ ከ፣ ተ የቆሙ ወንድማማቾች ናቸው። ማየት ለዓይን የሚበቃ ሥራ ነው፤ መመልከት ግን ዓይን ምልክት ፍለጋ ሲወጣ ነው። ሥዕል ደግሞ ከምልክት ሌላ ምንድን ነው? ሠዓሊው በብሩሹ የተወው ምልክት ነው። በዚያው ቤት ሌላ ዘመድም አለ፤ ነገርን የምናሳይበትን ጣት «አመልካች ጣት» እንላለን። አስተማሪው ያመለክታል፣ ተማሪው ይመለከታል፣ በመካከላቸው ምልክቱ አለ። አንድ ሥር ትምህርቱን ሙሉውን ተሸከመው ማለት ነው። (መልክም የዚህ ቤት ልጅ ይመስላል፤ ግን አይደለም። በግእዝ መልክእ ተብሎ በአ ይጨርሳል፤ ሥሩ ሌላ ነው።)

ለቃሉ ከዚህ የሚበልጥ ምስክር የዜማ ቤት ነው። ድጓ ከፍተው ያዩ ሰዎች ከየመስመሩ በላይ የተጻፉትን ደቃቅ ፊደላትና ጭረቶች ያውቋቸዋል። በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል እንዳደራጁት የሚነገርለት ይህ የዜማ ጽሕፈት ስሙ ምልክት ነው። ይዘት፣ ድፋት፣ ርክርክ፣ ጭረት ይባላሉ። ያልተማረ ሰው ድጓውን ሲያየው ከፊደል በላይ የተረጨ ቀለም ይመስለዋል፤ የተማረው ግን በዚያው ቀለም ድምፅ የት እንደሚነሣና የት እንደሚወድቅ ይሰማዋል። ሥዕልም እንደዚሁ ነው። ጭረቷ የሁላችንም ዓይን ፊት አለች፤ እጁ የት እንደፈጠነ፣ የት እንደቆመ የሚሰማው ግን ምልክቱን የተማረ ነው።

ተቃውሞ እንዳለ አውቃለሁ። «ተመልካች» ዛሬ ቴሌቪዥን ፊት የተቀመጠ ሰው ሆኗል፤ «የመስክ ምልከታ» ደግሞ የመሥሪያ ቤት ሪፖርት ቃል ነው ይባላል። እውነት ነው። ነገር ግን ቃል በዘልማድ ሲሳሳ የሚድነው በትክክለኛ ሥራ ሲውል ነው። ለተመልካች የሚመለከተው ነገር ከሰጠነው ክብሩ ይመለሳል። ለመሥሪያ ቤቱም ቢሆን ምልከታ የተመረጠው፣ ሄዶ በዓይን አይቶ የሚያረጋግጥ ሰው ስለሚያስፈልግ ነው፤ እኛም የምንፈልገው ይህንኑ ነው።

ቃሉን በሥራ ላይ እንየው። ስድስት ኪሎ፣ በኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም ሙዚየም ከተሰበሰቡት የእንጨት ሥዕላት አንዱ ፊት ቆምኩ። ቀለሙ የተላጠበት ጠርዝ ላይ ነጭ ጀሶ ይታያል፤ ከጀሶው ሥር እንጨቱ። እንግዲህ ሠዓሊው ቀለም ከመንካቱ በፊት ሰሌዳውን ነጭ አልብሶታል፤ የካባው ቀይ እስከ ዛሬ የሚያበራው ከሥሩ ነጭ ስላለ ነው። ቀጥሎ ፊቱ ዙሪያ ያለውን ጥቁር መስመር ተከተልኩ። ከቀለሙ በላይ እንጂ ከሥሩ አይደለም፤ ቀለሙ ከሞላ በኋላ የተሳበ ነው። ጉንጩ ጋ ይቀጥናል፣ አገጩ ጋ ድንገት ይወፍራል። እዚያ ላይ ብሩሹ ዳግመኛ ቀለም ጠጥቷል። ከእጁ እንቅስቃሴ አንዲቷን ቅጽበት አገኘኋት። ይህን ሁሉ ያነበብኩት አይደለም፤ ተመለከትኩት።

በዚያ አዳራሽ በር ላይም እናቲቱን «የለም እማማ፣ መነጽር አይደለም፤ የሥዕል ምልከታ ነው» አልኳቸው። ሌላ ማብራሪያ አልጠየቁም፤ ገቡ። ከታዩት ሥዕሎች አንዱ የእመቤታችን ነበር፦ ሮም ካለችው ከሳንታ ማሪያ ማጆሬ ቤተ ክርስቲያን ሥዕል ተቀድቶ በአገራችን ከ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ወዲህ እጅግ የተስፋፋው፣ በየቤታችን ግድግዳ የምናየው። መምህሩ ምንም ሳይናገር ጥቂት ደቂቃ ሰጠን። እማማ ጸጥ ብለው ቆዩና «እጇ ላይ መሐረብ ይዛለች!» አሉ። «ዕድሜዬን ሙሉ ስሳለማት ኖሬ አላየሁትም።» ከዚያ ወደ ጎናቸው ወደተቀመጠችው ልጅ ዘወር ብለው፣ አመልካች ጣታቸውን አንሥተው አሳዩዋት።